ሁለት እጅ በአንድ መስኮት፤ የጋራ ጨዋታና የካርቱን ፊልም ታሪክ ከድሬዳዋ ሲታይ

በአማርኛ «ጨዋታ» የሚለው ቃል ሁለት ሥራ ይሠራል። ሕፃናት በሜዳ ሲሯሯጡ ጨዋታ ነው፤ ሽማግሌዎች ቡና ከበው ሲያወጉም ጨዋታ ነው። እንግዳ ቤት ገብቶ ዝም ሲል «ምነው አይጫወቱም?» ይባላል፤ ይህም ተነሥተው ይዝለሉ ማለት አይደለም። ቋንቋው ጨዋታንና ወግን ባንድ ስም መጥራቱ ያለ ምክንያት አይመስልም። ሕዝቡ ከሥራ በኋላ ተሰብስቦ በሚያርፍበት ሰዓት አፍና እጅ አብረው ይንቀሳቀሱ ስለነበር፣ ዝም ብሎ መጫወት የኩርፊያ ምልክት ነበር። ይኸው ድርብ ትርጉም ከብዙ ዘመን በኋላ ለመጣው፣ በኤሌክትሪክ ኃይል ለሚሠራውና ከቴሌቪዥን ጋር ለሚያያዘው የቪዲዮ ጨዋታም መመዘኛ ሊሆን ይችላል። መሣሪያው በአንድ ቤት ያሉትን ሰዎች ያነጋግራል ወይስ ያዘጋል? አባትና ልጅ፣ እኅትና ወንድም በአንድ ወገን የሚሰለፉበት ነው ወይስ አንዱ በሌላው ላይ የሚነሣበት? ከካርቱን ፊልም ተወስዶ ለቤተሰብ የጋራ መጫወቻ የተዘጋጀ የቪዲዮ ጨዋታ ታሪክ ሲመረመር፣ የቴክኒኩ ነገር ከዚህ ኅብረተሰባዊ ጥያቄ ተነጥሎ ሊታይ አይገባም።

ለዚህ ምርመራ ድሬዳዋ ምቹ ቦታ ናት። ከተማይቱ ራሷ ከመሣሪያ የተወለደች ናትና። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1894፣ ለስዊሱ አልፍሬድ ኢልግና ለፈረንሳዊው ሊዮን ሼፍኔ በተሰጠው ፈቃድ መሠረት ከጅቡቲ የተነሣው የባቡር ሐዲድ የሐረርን ዳገት መውጣት ብዙ ወጪ የሚጠይቅ ሆኖ በመገኘቱ ከተራራው ግርጌ ባለው ሜዳ እንዲያልፍ ተደረገ። በ1895 ዓ.ም. ታኅሣሥ የመጀመሪያው ባቡር ከዚያ ሜዳ ደረሰ። ሐዲዱ አዲስ አበባ የገባው በ1909 ዓ.ም. ስለሆነ፣ ድሬዳዋ ለዓመታት የመሥመሩ መጨረሻ ሆና ኖረች። ከባሕር ማዶ የሚመጣው ዕቃ ሁሉ የሚራገፈው፣ በግመልና በበቅሎ የሚጫነው፣ ዋጋውም የሚቆረጠው እዚያ ነበር። ከተማው ሳይቆረቆር የውጭው ዕቃ ቀድሞ ገባ ቢባል ብዙም ስሕተት የለበትም።

የከተማውም አቀማመጥ ይህንኑ ይመሰክራል። በአንድ በኩል የባቡር ኩባንያው መሐንዲሶች በገመድ ለክተው ቀጥ ያሉ ጎዳናዎችን ያወጡለት፣ ዛፍ ያጠለለው ከዚራ አለ። በሌላው በኩል ንግዱ፣ መስጊዱና ጠባብ መንገዱ የሚገኙበት መጋላ ተዘርግቷል። በመካከላቸው ደቻቱ ወንዝ ይወርዳል፤ ወንዝ ይባል እንጂ አብዛኛውን ወራት ደረቅ አሸዋ ነው። አሸዋው ለወጣቶች የኳስ ሜዳ፣ ለነጋዴም መደብ ሆኖ ኖሯል። ያው አሸዋ በ1998 ዓ.ም. ክረምት በአንድ ሌሊት ጎርፍ ሆኖ ከ200 በላይ ሰዎችን ጨርሷል። ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ ሐረሪው፣ አማራው፣ ጉራጌው፣ ከየመን የመጣው ዐረብ፣ ሕንዱ፣ ግሪኩ፣ አርመኑ በዚህች ከተማ ጎን ለጎን ሲኖሩ እያንዳንዱ ቋንቋውን ብቻ ሳይሆን ጨዋታውንም ይዞ ገብቷል። «ግሪክ ካምፕ» የሚለው የሠፈር ስም ሰዎቹ ከሄዱም በኋላ ቀርቷል።

ከሁሉም ቀዳሚው ገበጣ ነው። ሪቻርድ ፓንክኸርስት እ.ኤ.አ. በ1971 «ኢትዮጵያ ኦብዘርቨር» በተባለው መጽሔት ላይ ባወጡት ሰፊ ጥናት በኢትዮጵያና በአፍሪካ ቀንድ የሚገኙትን የገበጣ ዓይነቶች በየአካባቢው ስምና ሕግ መዝግበዋል። ሁለት ረድፍ ያለው ገበጣ በብዙ የአፍሪካና የእስያ አገሮች ሲገኝ፣ ሦስት ረድፍ ያለው ግን የዚህ የቀንድ አካባቢ ልዩ ሀብት ነው። ኦሮሞዎች ሰዴቃ፣ ሶማሌዎች ለይሎ ጎባለይ የሚሏቸው ጨዋታዎችም የዚሁ ቤተሰብ አባላት ናቸው። ሶማሌው ከዚህ ሌላ ሻህ የተባለ ጨዋታ አለው፤ ሁለት ተጫዋቾች 12፣ 12 ጠጠር ይዘው 24 ነጥብ ባለው ገበታ ላይ ይደረድራሉ፣ ሦስቱን በአንድ መሥመር ያሰለፈ ከባላጋራው አንድ ያነሣል። ለሁሉም የሚያስፈልገው ዕቃ አንድ ዓይነት ነው፤ መሬትና ጠጠር። ከብት ነጂው በጥላ ሥር ጉድጓዱን በጣቱ ቆፍሮ፣ ሲነሣ ትቶት ይሄዳል።

እነዚህ ሁሉ ግን የፉክክር ጨዋታዎች ናቸው። አንዱ ካልተሸነፈ ሌላው አያሸንፍም። የጋራነቱ ያለው በገበታው ዙሪያ ነው። ገበጣ ሲጫወቱ ያየ ሰው እንደሚያውቀው፣ ተመልካቹ ዝም አይልም፤ ይመክራል፣ ይሳለቃል፣ ጠጠር የደበቀውን ያጋልጣል፣ ሲያስፈልግም ሽማግሌ ሆኖ ይፈርዳል። ልጅ ቁጥር የሚማረው በዚህ መካከል ነው። ከቤት ውስጥ ጨዋታዎች ደግሞ ቤተሰቡን በሙሉ የሚያሳትፈው እንቆቅልሽ ነበር። «እንቆቅልሽ» ሲባል «ምን አውቅልህ» ይመለሳል፤ ያልፈታው አገር ይሰጣል፤ አገር የተሰጠውም በዚያች አገር ላይ የፈለገውን ሁሉ ሲሆንባት ቤቱ በሳቅ ይሞላል። የኦሮሞ ልጅ ይህንኑ በሂቦ ያውቀዋል። እንቆቅልሽ ለአያትና ለልጅ ልጅ እኩል ዕድል የሚሰጥ፣ መሣሪያም ገንዘብም የማይጠይቅ ጨዋታ ነው፤ አንዳንዴም ሕፃኑ አዋቂውን ያሸንፋል።

የባቡሩ ዘመን ሌላ ዓይነት ጨዋታ አመጣ። ካርታ፣ ዶሚኖ፣ ካራምቡላ፣ ኋላም ጆተኒ ገቡ። ጆተኒ የሚለው ስም ጣሊያኖች በሳንቲም ፈንታ የሚጠቀሙበትን ክብ ብረት ከሚጠሩበት ቃል የመጣ ይመስላል፤ እንደዚያ ከሆነ ስሙ ራሱ የነገሩን ባሕርይ ይናገራል። ገበጣ ለመጫወት የከፈለ ሰው አልነበረም። በጆተኒ ዘመን ግን የጨዋታ ሰዓት በገንዘብ ተቆረጠ፤ ገበታውም የሰፈሩ መሆኑ ቀርቶ የባለቤቱ ሆነ። በድሬዳዋ የቀትር ሐሩር የተነሣ ሱቅ ተዘግቶ፣ ሰው በየጥላው ተሰብስቦ ሲያወጋና ሲጫወት ሥራው ወደ አመሻሽ ስለሚቀጥል፣ እንዲህ ያለው መጫወቻ በከተማው ውሎ ውስጥ ቦታ ለማግኘት አልተቸገረም። ይህ ለውጥ ኋላ የቪዲዮ ጨዋታ ቤት ሲከፈት ያለ ብዙ ትንቅንቅ ተቀባይነት ያገኘበትን ምክንያት ያስረዳል፤ ለጨዋታ መክፈል የተለመደ ነበርና።

ተንቀሳቃሽ ሥዕል በበኩሉ በሌላ በር ገባ። እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ በአዲስ አበባ የተከፈተውን የመጀመሪያ ሲኒማ ቤት ሕዝቡ «ሰይጣን ቤት» ብሎ እንደ ሰየመው ይታወቃል። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር ስርጭቱ ከአዲስ አበባና ከአካባቢዋ አያልፍም ነበር፤ ክፍለ ሀገሮች የደረሰው ቆይቶ ነው። በአብዮቱ አሥረኛ ዓመት ደግሞ ሥዕሉ ባለ ቀለም ሆነ። በዚህ ሁሉ ጊዜ የሕፃናቱን ክፍለ ጊዜ የያዙት ተስፋዬ ሳህሉ፣ ሕዝቡ አባባ ተስፋዬ የሚላቸው ከያኒ፣ ከ40 ዓመታት በላይ በዚያ ወንበር ቆይተው በ2009 ዓ.ም. ከዚህ ዓለም ተለይተዋል። አባባ ተስፋዬ ብቻቸውን ለካሜራ አይናገሩም ነበር። ሕፃናትን በዙሪያቸው ሰብስበው፣ ተረት እየነገሩና እያስነገሩ፣ እያስዘመሩ ይሠሩ ስለነበር፣ የምድጃውን ዳር ወግ ወደ ስቱዲዮ ያስገቡ ሰው ናቸው ማለት ይቻላል። ይሁን እንጂ ከመስኮቱ ወዲህ ያለው ሕፃን ተመልካች ብቻ ነው። ቴሌቪዥን ባለበት ቤት የጎረቤት ልጆች በር ላይ ጫማቸውን አውልቀው ቢሰበሰቡም፣ ሥዕሉን ሊነኩት፣ አካሄዱንም ሊለውጡት አይችሉም። ይህን ግድግዳ የሰበረው በሌላ የዓለም ክፍል የተፈጠረ ሐሳብ ነው።

ራልፍ ቤር በልጅነቱ ከናዚ ጀርመን ወደ አሜሪካ የተሰደደ መሐንዲስ ነበር። ቴሌቪዥን ከመታየት አልፎ ሊሠራበት ይችላል ከሚል ሐሳብ ተነሥቶ የፈለሰፈው መሣሪያ እ.ኤ.አ. በ1972 «ኦዲሲ» ተብሎ ለገበያ ቀረበ። መሣሪያው ድምፅ የለውም፤ ነጥብ አይቆጥርም፤ ሥዕል እንኳ የሌለው በመሆኑ በቴሌቪዥኑ መስኮት ላይ ቀለም የተቀባ ስስ ፕላስቲክ ይለጠፍ ነበር። ከሁሉም ይልቅ ሊስተዋል የሚገባው አንድ ጉዳይ አለ። መሣሪያው ራሱ ባላጋራ ሆኖ ሊጫወት የሚችልበት አእምሮ አልነበረውም፤ ስለዚህ ሁለት ሰዎች ካልተቀመጡ ጨዋታ የለም። ነጥቡንም የሚቆጥሩት፣ ሲጭበረበርም የሚከራከሩት ሰዎቹ ናቸው። የመጀመሪያው የቤት ውስጥ የቪዲዮ ጨዋታ ከገበጣ ጋር የተቀራረበው የፈጣሪው በጎ ፈቃድ ብቻ ስላለበት አይደለም፤ የመሣሪያው ድህነት ስላስገደደው ጭምር ነው። ቆይቶ መሣሪያው «ሲበለጽግ»፣ ሰው ብቻውን ተቀምጦ ከመሣሪያ ጋር መታገል ቻለ።

የካርቱን ፊልም ወደ መጫወቻነት የተለወጠበት አንድ ምሳሌ ከሶቪየት ኅብረት ይገኛል። ሶዩዝሙልትፊልም ከ1969 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በቪያቼስላቭ ኮትዮኖችኪን አዘጋጅነት ያወጣው፣ ተኩላ ጥንቸልን እያሳደደ ሁልጊዜ የሚያፍርበት ተከታታይ ፊልም «ኑ፣ ፖጎዲ!» ይባላል፤ በአማርኛ «ቆይ ብቻ!» እንደ ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ1984 «ኤሌክትሮኒካ» በሚለው ምልክት ከእጅ መዳፍ ብዙ የማይበልጥ መጫወቻ በዚሁ ፊልም ስም ወጣ፤ ዋጋው 25 ሩብል ነበር። ተኩላው ቅርጫት ይዞ ከአራት አቅጣጫ የሚንከባለለውን የዶሮ እንቁላል ይቀልባል። የመጫወቻው አሠራር ግን ከፊልሙ የመነጨ አልነበረም። የጃፓኑ ኒንቴንዶ በ1981 ካወጣው መጫወቻ ተቀድቶ የተኩላውና የጥንቸሉ ሥዕል የተለበጠበት ነው። በኪነ ጥበብ ሒስ ቋንቋ፣ ቅርጹ ከአንድ ቦታ፣ ይዘቱ ከሌላ ቦታ መጥቶ ያለ ጋብቻ አብረው ኖሩ። ሕፃናቱ ግን በፊልሙ ፍቅር የተነሣ ጎደሎውን በራሳቸው ሞሉት። አንድ ሺህ ነጥብ የደረሰ ሰው በዚያች ጠባብ መስኮት ፊልሙን ያያል የሚል ወሬ በአገሩ ሁሉ ተዛመተ። ምንም ፊልም አልነበረም። ወሬው ያመለክት የነበረው ሕፃናቱ ከመሣሪያው የጎደለውን ምን እንደሆነ ማወቃቸውን ነው፤ ታሪክ ጎድሎት ነበር። ደግሞም አንድ ልጅ ብቻውን የሚይዘው መጫወቻ ነው።

ኒንቴንዶ እ.ኤ.አ. በ1889 በኪዮቶ የተቋቋመ የመጫወቻ ካርታ አምራች ነው። መቶ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ሲቀረው፣ በ1983፣ ማሳዩኪ ኡዬሙራ የነደፈውን መሣሪያ በ14,800 የን ለገበያ አወጣ። ስሙ «የቤተሰብ ኮምፒዩተር» ነበር። ስሙ የሻጭ ማባበያ ነው ተብሎ ሊታለፍ ይችላል፤ አሠራሩ ግን ከስሙ ጋር ይስማማል። ሁለት የእጅ መቈጣጠሪያዎች፣ በተለምዶ ጆይስቲክ የሚባሉት፣ በሽቦ ከመሣሪያው ጋር እንዳይነቀሉ ሆነው ተያይዘው ነበር የሚሸጠው። አንዱን ብቻ መግዛት አይቻልም። በሁለተኛው ላይ ደግሞ ትንሽ ማይክሮፎን ተተክሎበታል፤ ልጅ ሲጮኽበት ድምፁ በቴሌቪዥኑ ይወጣል። መሣሪያውን የነደፉት ሰዎች ሁለተኛውን ወንድም ወይም እኅት ከመጀመሪያው አንሥቶ በልባቸው ይዘው እንደነበር ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አያስፈልግም።

ለዚሁ መሣሪያ ካፕኮም የተባለው የጃፓን ኩባንያ በ1990 እ.ኤ.አ. ያወጣው ጨዋታ የዚህ ዓይነቱ ሥራ መልካም ናሙና ነው። ምንጩ የአሜሪካው ዲዝኒ በዚያው ሰሞን በቴሌቪዥን ያሳየው፣ ቺፕና ዴል የተባሉ ሁለት ሽኮኮ መሰል እንስሳት ከጓደኞቻቸው ጋር የተበደሉትን የሚረዱበት ተከታታይ የካርቱን ፊልም ነው። ጨዋታው የሚጀምረው የአንዲት ሕፃን የጠፋች የድመት ግልገል ፍለጋ ሲሆን፣ ከኋላው ያለው ተንኮለኛ አንድ ወፍራም ድመት ነው። ሁለት ልጆች አንዱ ቺፕን፣ ሌላው ዴልን ይዘው በአንድ መስኮት ይጓዛሉ። መሣሪያ የላቸውም፤ ከሰው ቤት የወደቀውን ሣጥንና ፖም እያነሡ ይወረውራሉ፤ ሣጥኑን ከላያቸው ደፍተውም ይደበቃሉ። የጨዋታው ብልኃት ያለው ከዚህ ላይ ነው፤ አንዱ ተጫዋች ሣጥን እንደሚያነሣ ሁሉ ጓደኛውንም ማንሣትና መወርወር ይችላል። ደካማውን ተሸክሞ ማሻገር ይቻላል፤ በክፋት ወደ ገደል መጣልም ይቻላል። መስኮቱም አንድ ስለሆነ አንዱ ሌላውን ትቶ ርቆ ሊሄድ አይችልም። ጎበዙ ታላቅ ወንድም የታናሹን ጊዜ መጠበቅ ግድ ይሆንበታል። መረዳዳት በቃል የተሰበከበት ሳይሆን በአሠራሩ ውስጥ የተቀበረበት ጨዋታ ነው። ይህን ጨዋታ ዝም ብሎ መጫወት አይቻልም፤ «ቆይ!»፣ «ዝለል!»፣ «አታንሣኝ!» ማለት የግድ ነው። እዚህ ላይ «ጨዋታ» ሁለቱንም ትርጉሙን መልሶ ያገኛል።

ይህ ሲባል ግን ከጀርባ ያለውን የንግድ ሥርዓት መዘንጋት አይገባም። በአሜሪካ በ1984 የሕፃናት ቴሌቪዥን ማስታወቂያ መቈጣጠሪያ ደንቦች ከላሉ በኋላ፣ አንዳንድ የካርቱን ፊልሞች አሻንጉሊት ለመሸጥ ሲባል ብቻ ይሠሩ ጀመር። የኒንጃ ኤሊዎቹ ፊልም በ1987 የወጣው ከአሻንጉሊት አምራች ጋር በመተባበር ነበር። በ1989 ኮናሚ ከዚህ ፊልም ያወጣው የአዳራሽ መጫወቻ አራት ልጆች አራት ኤሊ ይዘው ጎን ለጎን የሚዋጉበት ነው። ትብብሩ እውነተኛ ነው፤ ሳንቲሙም እውነተኛ ነው፤ አራት ልጅ አራት ሳንቲም ይጨምራል። የልጆች ወዳጅነትና የባለ ሀብቱ ትርፍ በአንድ ሣጥን ውስጥ ሲኖሩ፣ የትኛው የትኛውን እንደሚያገለግል በየጊዜው መጠየቅ የሒሰኛው ሥራ ነው።

እነዚህ መሣሪያዎች በሕጋዊ መንገዳቸው ወደ ኢትዮጵያ አልመጡም፤ ዋጋቸውም የሚቀመስ አልነበረም። የመጡት ቅጂዎቻቸው ናቸው። በታይዋንና በቻይና የ«ቤተሰብ ኮምፒዩተር»ን አሠራር የገለበጡ ርካሽ መሣሪያዎች በብዛት ተመረቱ። በሩሲያ ከ1992 እ.ኤ.አ. ጀምሮ «ዴንዲ» በሚል ስም የተሸጠውም የዚሁ ዘር ነው። በአንድ ካሴት ውስጥ በርካታ ጨዋታዎች ይታጨቃሉ፤ በሽፋኑ ላይ የሚጻፈው ቁጥር ብዙ ጊዜ ከእውነተኛው እጅግ የበዛ ነው። ከ1983 ዓ.ም. በኋላ ገበያው ሲላላ እንዲህ ያሉ ዕቃዎች የኢትዮጵያን ከተሞች አጥለቀለቁ። ለምሥራቁ ክፍል በሩ ጅቡቲ ነበር።

የድሬዳዋና የጅቡቲ ባቡር ታሪክ የሴት ነጋዴዎች ታሪክም ነው። ደወሌንና ጅቡቲን እየተመላለሱ ልብስ፣ ሽቶ፣ ራዲዮና ልዩ ልዩ የኤሌክትሪክ ዕቃ የሚያመጡት እነዚህ ሴቶች፣ ዕቃቸውን በፉርጎው ውስጥ በየቦታው ከፋፍለው፣ ለዘመድም ለማያውቁትም መንገደኛ አስይዘው፣ ከፈታሾች ጋር ሲደባበቁ የኖሩ ናቸው። በሕግ ዓይን ኮንትሮባንድ ነው፤ በከተማው ኑሮ ግን ብዙ ቤተሰብ የሚያድርበት እንጀራ ነበር። በድሬዳዋ የውጭ ዕቃ የሚሸጥበት አንድ የገበያ ስፍራ ሕዝቡ «ታይዋን» ብሎ መጥራቱ ራሱ ጥሩ የታሪክ ሰነድ ነው፤ ጃፓን የፈጠረውን፣ አሜሪካ በሥዕሉ ያስዋበውን፣ ታይዋን የገለበጠውን ዕቃ የድሬዳዋ ነጋዴ ሴት በጉያዋ አሻግራ ለገበያ ታቀርበዋለች። የጥንቱ ባቡር ሥራውን አቁሞ፣ ከ2009 ዓ.ም. ጀምሮ አዲሱ የኤሌክትሪክ ባቡር ከከተማው ወጣ ብሎ ካለው ጣቢያ ሲጠቀም፣ ያ የፉርጎ ውስጥ ንግድ መልኩን ለውጧል።

ቅጂው መሣሪያ ከቤት ሲገባ የገጠመው ሁኔታ ከጃፓኑ ሳሎን የተለየ ነው። ቤቱ አንድ ቴሌቪዥን ብቻ አለው፤ ምሽት ላይ ዜና አለ፣ ድራማ አለ። ስለዚህ የጨዋታው ጊዜ በድርድር ይገኛል። ልጆቹም ሁለት ብቻ አይደሉም፤ የጎረቤት ልጅ ይጨመራል፣ ጆይስቲኩ በተራ ይዞራል፣ «ሲሞት ያስረክባል» የሚለው ሕግ ይወጣል። ካሴቱ ብቻውን ፊልሙን ሳያስከትል በደረሰበት አገር ሕፃኑ ከሥዕሉ ጋር የሚተዋወቀው በጨዋታው በኩል ነው። አሜሪካዊው ልጅ አስቀድሞ ያየውን ፊልም ሲጫወት፣ ኢትዮጵያዊው ልጅ ግን ያላየውን ፊልም ይጫወታል። በመስኮቱ ላይ የሚጻፈው የእንግሊዝኛ ወይም የጃፓንኛ ጽሑፍ ምን እንደሚል ስለማያውቅ ታሪኩን ራሱ ይፈጥርለታል፤ ለተኩላው፣ ለድመቱ፣ ለወታደሩ ከሠፈሩ ስም ይሰጠዋል። ይህን የባህል ወረራ ብቻ አድርጎ የሚያይ ሰው ግማሹን ያያል። የተወረረው ሕፃን እጁን አጣጥፎ አልተቀመጠም። ይሁንና ሌላው ግማሽም እውነት ነው፤ ስም የሚሰጠው ለሌላ ሰው ሥዕል ነው።

ቀጥሎ የመጣው ፕሌይስቴሽን ነው። ሶኒ በ1994 እ.ኤ.አ. የመጀመሪያውን፣ በ2000 ሁለተኛውን ካወጣ በኋላ በኢትዮጵያ ከተሞች ሁሉ «ፕሌይስቴሽን ቤት» የሚባል አዲስ የንግድ ዓይነት ተስፋፋ። አንድ ጠባብ ክፍል፣ ሁለት ወይም ሦስት ቴሌቪዥን፣ አግዳሚ ወንበር፤ ሒሳቡ በየጨዋታው ይከፈላል። ከሁሉ በላይ የሚፈለገው ኳስ ነው። የጆተኒ ልማድ ሳይለወጥ ወደ ኤሌክትሪኩ ተሸጋገረ ማለት ይቻላል፤ ተፋላሚው ሁለት፣ ተመልካቹ ብዙ፣ ጫጫታው የጆተኒ ጫጫታ ነው። በየጊዜው የከተማ አስተዳደሮች በትምህርት ቤት አካባቢ ያሉትን እነዚህን ቤቶች ከጫት ቤትና ከሺሻ ቤት ጋር በአንድ ዝርዝር አስፍረው ይዘጋሉ። መምህራን ስለሚባክነው የትምህርት ሰዓት የሚያቀርቡት ቅሬታ መሠረት አለው። ነገር ግን ዝርዝሩ ነገሩን አቅልሎታል። በዚያ ክፍል የሚባክን ጊዜ አለ፤ በዚያው ክፍል ግን ኦሮምኛ፣ ሶማልኛና አማርኛ ተቀላቅለው በአንድ አግዳሚ ላይ ይጮኻሉ። ትችቱ ያላነሣው ጉዳይ ሌላ ነው፤ ከዚያ አግዳሚ ላይ ሴት ልጅ እምብዛም አትገኝም፤ እናትና አባት ደግሞ ፈጽሞ አይገኙም። ጨዋታው ከቤት ወጥቶ የወንድ ልጆች የግል ግዛት ሆኗል። እንቆቅልሽ ለአያት ሰጥቶት የነበረው ቦታ በፕሌይስቴሽን ቤት የለም።

በውጭው ዓለም የቤተሰቡ ጥያቄ በቅርብ ዓመታት እንደ ገና ተነሥቷል። ከአውስትራሊያ የመጣውና ስለ አንድ የውሾች ቤተሰብ የሚተርከው «ብሉዊ» የተባለ የቴሌቪዥን ካርቱን ከ2018 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሚታይ ሲሆን፣ የፊልሙ ዋና ርዕስ ራሱ ወላጅና ልጅ አብረው መጫወታቸው ነው። በ2023 ከዚህ ፊልም የወጣው የቪዲዮ ጨዋታ እስከ አራት ሰዎች በአንድ መስኮት የሚሳተፉበት ነው፤ ሁለቱን ልጆች ብቻ ሳይሆን እናትየውንና አባትየውንም መርጦ መያዝ ይቻላል። ሒሰኞች ጨዋታውን አጭር ነው ብለው ነቅፈውታል፤ ነቀፌታው ትክክል ነው። ነገር ግን አባት የአባትን ቦታ ይዞ ከልጁ ጋር ፊኛ መሬት እንዳይነካ ሲጠብቅ፣ ፊልሙ የሚያስተምረውና ጨዋታው የሚያሠራው አንድ ይሆናሉ። በሶቪየቱ የእንቁላል መጫወቻ የታየው የቅርጽና የይዘት መለያየት እዚህ የለም።

በኢትዮጵያ ለዚህ የሚያስፈልገው ጥሬ ዕቃ በከፊል ተዘጋጅቷል። የአንደኛ ደረጃ መምህርት የነበረችው ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤቷ ጋር በመኖሪያ ቤታቸው ውስጥ የጀመረችው «ፀሐይ መማር ትወዳለች» የተባለው ዝግጅት፣ ከ2005 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በመታየት ፀሐይ የተባለችውን ቀጭኔ በአገሩ ሁሉ አስተዋውቋል፤ በ2008 ሙኒክ በሚደረገው የሕፃናት ቴሌቪዥን ውድድር ሽልማት አግኝቷል። ከዚያው የሥራ ክፍል የወጣው «ጥበብ ገርልስ» ደግሞ ፍቅር፣ ትግሥትና ፍትሕ የተባሉ ሦስት ልጃገረዶች ልዩ ኃይላቸውን አስተባብረው ጎጂ ልማዶችን የሚታገሉበት የአኒሜሽን ፊልም ነው። ሦስት ጀግኖች፣ ሦስት የተለያየ ችሎታ፣ አንድ ዓላማ፤ ለሦስት ጆይስቲክ የተጻፈ ድርሰት ይመስላል። ከፕሌይስቴሽን ቤቱ አግዳሚ የተገፋችውን ልጅ ያለ ስብከት መልሶ ሊያስቀምጣት የሚችል ድርሰትም ነው። በጨዋታ ሥራ በኩል አዲስ አበባ የሚገኘው ቅኔ የተባለው ድርጅት «ኩኩሉ» በተሰኘው ጨዋታው ከአሳዳጅዋ የምታመልጥ ዶሮን፣ በሌላ ሥራው ደግሞ ገበጣን ወደ ተንቀሳቃሽ ስልክ አስገብቷል።

የስልኩ ነገር ግን የራሱ ጣጣ አለው። በኢትዮጵያ በብዙ ሰው እጅ የሚገኘው መሣሪያ ስልክ በመሆኑ ጨዋታ ሠሪው ወደዚያ ማዘንበሉ በኢኮኖሚ ረገድ የሚነቀፍ አይደለም። ስልክ ግን የአንድ ሰው ዕቃ ነው፤ መስኮቱ የሁለት ሰው ትከሻ አያስጠጋም። ቴሌቪዥን ዛሬም ቤተሰቡ ፊቱን የሚያዞርበት ብቸኛው ዕቃ ሆኖ ሳለ፣ በአገር ቋንቋ የሚሠራው ጨዋታ በአብዛኛው ከቴሌቪዥኑ ርቆ ይኖራል። በድሬዳዋ ደግሞ ቋንቋው አንድ አይደለም፤ እናት በሶማልኛ፣ አባት በኦሮምኛ፣ ልጆች በአማርኛ የሚነጋገሩበት ቤት ብርቅ አይደለም። በእንዲህ ያለ ቤት የሚገባ ጨዋታ ብዙ ንግግር ሳይጨምር በሥዕልና በአሠራር ሊገባ የሚችል፣ ንግግሩን ለተጫዋቾቹ የሚተው መሆን ይኖርበታል፤ ቺፕና ዴል ባያውቁትም ይህን አሳይተዋል።

በስልክ ውስጥ ያለው ገበጣ ሕጉን አልሳተም። ጠጠሮቹን ከጉድጓድ ወደ ጉድጓድ የሚዘራው፣ የሚቆጥረውና የሚያነሣው ግን መሣሪያው ነው፤ ተጫዋቹ ጉድጓዱን ብቻ ይመርጣል። ጠጠር መደበቅ አይቻልም። በትከሻው ላይ አንገቱን አስግጎ «ያቺ የት ሄደች?» የሚለው ተመልካችም ሥራ የለውም።